አደራ ጠባቂው ጠበቃ፦ የቅዱስ ባርቶሎ ሎንጎ ሕይወት

የቅዱሳንን ገድል ስናነብ አብዛኛውን ጊዜ የምናገኘው ስለ እምነቱ ደሙን ያፈሰሰ ሰማዕት፣ በበረሃ የጾመ ባሕታዊ ወይም መንጋውን በቃልና በምሳሌነት የጠበቀ ጳጳስ ነው። የኪራይ ውል በማደስ፣ የመሬት ሰነድ በማዘጋጀት፣ የሒሳብ መዝገብ በማመሳከር ዕድሜውን የፈጸመ ቅዱስ ግን እምብዛም አይገጥመንም። ከእነዚህ ጥቂቶች አንዱ ጣሊያናዊው የሕግ ሰው ባርቶሎ ሎንጎ ነው። ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ በኦክቶበር 26 ቀን 1980 ብፅዕናውን አወጁ፤ ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ሊዮን 14ኛ ደግሞ በኦክቶበር 19 ቀን 2025 ከቅዱሳን ማኅበር ቈጠሩት። በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ወራትና ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር መሆናቸውን አንባብያን ልብ እንዲሉ እናሳስባለን።

ብዙ ምእመናን ባርቶሎ ሎንጎን የሚያውቁት የመቍጠሪያ ጸሎት ሐዋርያ በመሆኑ ነው። ይህ እውነት ነው። ነገር ግን ጸሎቱን ያስፋፋው ይኸው ሰው ቤተ መቅደስ፣ የዕጓለ ማውታ ማሳደጊያ፣ ማተሚያ ቤትና የሠራተኞች መኖሪያ ያቆመ፣ የእነዚህንም ሁሉ ንብረት በሕግ ፊት ለብዙ ዓመታት በስሙ የያዘ ሰው ነበር። በስሙ የያዘውን እንዴት የራሱ እንዳላደረገው ማወቅ የቤተ ክርስቲያንን ሀብት በማናቸውም ደረጃ ለሚጠብቅ ሁሉ ትምህርት ይሆናል።

ልጅነቱና የሕግ ትምህርቱ

ባርቶሎ ሎንጎ በደቡብ ጣሊያን በፑልያ አውራጃ፣ በብሪንዲዚ ከተማ አጠገብ በምትገኘው በላቲያኖ በፌብሩዋሪ ወር 1841 ተወለደ። አባቱ ሐኪም ነበር፤ እናቱ አንቶኒና ሉፓሬሊ ትባላለች። ቤተሰቡ ኑሮው የተደላደለ፣ በጸሎትም የሚተጋ ነበር። ልጁ ገና በሕፃንነቱ በፍራንካቪላ ፎንታና ከተማ የፒያሪስት ካህናት ወደሚያስተምሩበት አዳሪ ትምህርት ቤት ገባ። አእምሮው ፈጣን፣ ጠባዩ ሕያው፣ ሙዚቃና ንግግር የሚወድ ተማሪ እንደ ነበረ ይነገርለታል።

ለአካለ መጠን ሲደርስ የሕግ ትምህርት ለመከታተል ወደ ናፖሊ ዩኒቨርሲቲ ሄደ። ጊዜው አስቸጋሪ ነበር። ጋሪባልዲ በ1860 ናፖሊ ገብቶ የቡርቦኖችን መንግሥት ከገለበጠ በኋላ በ1861 አዲሱ የጣሊያን መንግሥት ተመሠረተ። አዲሱ መንግሥትና ቅድስት መንበር ስለ ጳጳሳዊ ግዛቶች በመጣላታቸው በዩኒቨርሲቲዎች ውስጥ ቤተ ክርስቲያንን መንቀፍ የዕውቀት ምልክት እስኪመስል ድረስ ተስፋፍቶ ነበር። ወጣቱ ሎንጎም በዚህ ማዕበል ተወሰደ። በቤተ ክርስቲያንና በካህናት ላይ በሚካሄዱ ሰልፎች ተካፈለ፤ ከዚያም አልፎ መናፍስትን እንጠራለን ከሚሉ ሰዎች ጋር ተባበረ፤ በመካከላቸውም የክህነት ዓይነት ሥልጣን እስከ መቀበል ደረሰ። በዲሴምበር ወር 1864 በሕግ ትምህርት ተመረቀ። ዲፕሎማውን በእጁ ሲይዝ ግን ልቡ በፍርሃትና በጨለማ የተሞላ፣ ሰውነቱም በጾምና በእንቅልፍ ማጣት የደከመ ነበር።

ወደ እምነት መመለሱ

ከዚህ ሁኔታ ያወጡት ሁለት ሰዎች ናቸው። የመጀመሪያው የአገሩ ልጅ መምህር ቪንቸንሶ ፔፔ ነበር። ይህ ሰው ሎንጎ የገባበትን አደጋ ተመልክቶ በወዳጅነት ገሠጸው፤ ገሥጾም አልተወውም፤ ወደ ዶሚኒካዊው ካህን ወደ አባ አልቤርቶ ራደንተ መራው። አባ ራደንተ በትዕግሥት አደመጡት፣ ጥያቄዎቹን አንድ በአንድ መለሱለት፣ ኑዛዜውንም ተቀበሉት። ሎንጎ ወደ ቅዱሳት ምሥጢራት ከተመለሰ በኋላ በናፖሊ የድኅነት የለሽ ሕሙማን ሆስፒታል በሽተኞችን በማገልገል ጊዜውን ያሳልፍ ጀመር። በ1871 የቅዱስ ዶሚኒኮስ ሦስተኛ ማኅበር አባል ሆኖ ወንድም ሮዛርዮ የሚል ስም ተቀበለ፤ ይህም ስም ከመቍጠሪያ ጸሎት የተወሰደ ነው።

በዚያን ጊዜ በናፖሊ የምሕረት ሥራ የሚሠሩ ታላላቅ ሰዎች ነበሩ። ሎንጎ ከእነርሱ መካከል ከፍራንቸስካዊው አባ ሉዶቪኮ ዳ ካዞሪያና ከካተሪና ቮልፒቸሊ ጋር ተዋወቀ፤ ሁለቱም ዛሬ ከቅዱሳን ጋር የሚቈጠሩ ናቸው። በካተሪና ቤት በሚደረገው የጸሎት ስብሰባ ላይ ሕይወቱን የምትለውጥ አንዲት ሴት አገኘ። እርስዋም ኮንቴሳ ማርያና ፋርናራሮ ደ ፉስኮ ነበረች።

የባልቴቲቱ ርስት

ኮንቴሳ ማርያና ባልዋ ኮንቴ አልቤንስዮ ደ ፉስኮ በ1864 ስለ ሞተ በወጣትነትዋ አምስት ልጆች ይዛ የቀረች ባልቴት ነበረች። ባልዋ በቬሱቪዮ ተራራ ሥር፣ በፖምፔ ሸለቆ የእርሻ መሬት ትቶላት ነበር። መሬቱን ጭሰኞች ያርሱታል፤ ኪራዩ ግን በሥርዓት አይሰበሰብም፣ ውሉም አይታደስም። ኮንቴሳዋ ለልጆችዋ አስተማሪ፣ ለርስትዋም አስተዳዳሪ የሚሆን ታማኝ የሕግ ሰው ያስፈልጋት ስለ ነበረ ሎንጎን ለዚህ ሥራ ለመነችው። እርሱም ተቀበለ።

በኦክቶበር ወር 1872 የኪራይ ውሎችን ለማደስ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ ሸለቆው ወረደ። አካባቢው በ79 ዓ.ም. በእሳተ ገሞራ አመድ የተቀበረችው የጥንቷ ፖምፔ ፍርስራሽ የሚገኝበት ነው። የውጭ አገር ጐብኚዎች የሙታኑን ከተማ ለማየት ከሩቅ ይመጡ ነበር፤ በአጠገቡ ያሉትን ሕያዋን ግን የሚያያቸው አልነበረም። ምድሩ ረግረግ ነው፤ የወባ በሽታ ይፈጃል፤ ሽፍቶች መንገደኛውን ይዘርፋሉ። ገበሬዎቹ በድኽነት የተቈራመዱ፣ ፊደል ያልቈጠሩ፣ ከጸሎትም ቢሆን ጥቂቱን ብቻ የሚያውቁ ነበሩ። የቁምስናው ቤተ ክርስቲያን ትንሽና ለመፍረስ የተቃረበ ነበር።

ጠበቃው የመጣው ስለ ኪራይ ለመነጋገር ነበር። ነገር ግን በውሉ ላይ ስማቸውን ለመጻፍ የማይችሉ ሰዎችን ባየ ጊዜ ከባለርስቷ ጥቅም ሌላ የሚጠበቅ ነገር እንዳለ ተገነዘበ። በእነዚያ ቀናት በሜዳው ሲመላለስ አሮጌው የኅሊና ጭንቀት ተመልሶ መጣበት፤ ቀድሞ የሠራው ኃጢአት ይቅር እንደማይባልለት ሆኖ ታየው። በዚያው ሰዓት ግን የመቍጠሪያን ጸሎት የሚያስፋፋ እንደሚድን አባ ራደንተ ያስተማሩት ትዝ አለው። ይህን ጸሎት ለሸለቆው ሕዝብ ሳያስተምር ከዚያ ምድር እንደማይወጣ ለእመቤታችን ቃል ገባ። ከዚያን ቀን ጀምሮ የርስት አስተዳዳሪው የትምህርተ ክርስቶስ መምህርም ሆነ።

ሶልዶ በሶልዶ የተሠራ ቤት

ሥራው የተጀመረው በትንሹ ነበር። ሎንጎ ከቤት ወደ ቤት እየዞረ መቍጠሪያ አደለ፣ ልጆችን ሰብስቦ አስተማረ፣ በ1873 የመቍጠሪያ በዓል እንዲከበር አደረገ። የመጀመሪያዎቹ በዓላት እንደ ተመኘው አልተሳኩለትም፤ እርሱ ግን አልታከተም። በአሮጌው ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ለመቍጠሪያ እመቤት አንድ መንበር ለማቆም ፈቃድ በለመነ ጊዜ የኖላው ጳጳስ ብፁዕ አቡነ ጁዜፔ ፎርሚዛኖ መንበር ብቻ ሳይሆን አዲስ ቤተ ክርስቲያን እንዲሠራ መከሩት።

ለጸሎቱ ማኅበር የሚሆን ሥዕልም አስፈለገ። አባ ራደንተ ከአሮጌ ዕቃ ነጋዴ በ3 ሊሬ ከ40 ሳንቲም የገዙት፣ ያረጀና የተበሳሳ የመቍጠሪያ እመቤት ሥዕል በአንድ የናፖሊ ገዳም ተቀምጦ ነበር። በኖቬምበር 13 ቀን 1875 ሥዕሉ በአንሶላ ተጠቅልሎ ፍግ በሚያመላልስ ጋሪ ላይ ተጭኖ ወደ ሸለቆው ደረሰ። ሎንጎ ሥዕሉን ሲያይ መልኩ ቅር አሰኝቶት ነበር፤ ሌላ የሚገዛበት ገንዘብ ስለሌለው ግን ተቀበለው። ዛሬ ብዙ መንፈሳውያን ተጓዦች በፊቱ የሚንበረከኩለት የፖምፔ እመቤታችን ሥዕል ይኸው ነው።

በሜይ 8 ቀን 1876 የቤተ መቅደሱ መሠረት ተጣለ። ገንዘቡ የተገኘው ግን እንዴት ነበር? ሎንጎና ኮንቴሳዋ በናፖሊ ከበር ወደ በር እየሄዱ እያንዳንዱ ሰው በወር አንድ ሶልዶ እንዲሰጥ ለመኑ። ሶልዶ አምስት ሳንቲም የምታህል የመዳብ ገንዘብ ናት። ባለጸጋው በአንድ ጊዜ ብዙ ሰጥቶ ሥራውን የራሱ ከሚያደርገው ይልቅ ድኻው በየወሩ ጥቂት እየሰጠ ሁሉም እንዲሳተፍበት የተደረገ ነበር። በ1884 ሎንጎ ስለ መቍጠሪያና ስለ አዲሲቱ ፖምፔ የሚናገር መጽሔት ማሳተም ጀመረ፤ በዚህም ለጋሾች ከጣሊያን ውጭ ሳይቀር ተገኙ፤ የሰጡት ገንዘብ የት እንደ ዋለም ከመጽሔቱ ያነቡ ነበር። ቤተ መቅደሱ በሜይ ወር 1891 የር.ሊ.ጳ. ሊዮን 13ኛ እንደራሴ በነበሩት በካርዲናል ራፋኤለ ሞናኮ ላ ቫሌታ ተባርኮ ተቀደሰ።

ንብረቱ በማን ስም ነበር?

እዚህ ላይ የሎንጎ የሕግ ዕውቀት ያስፈለገበትን ምክንያት መግለጽ ይገባል። በ1866 እና በ1867 የጣሊያን መንግሥት ባወጣቸው ሕጎች መሠረት የመነኮሳትና የደናግል ማኅበራት ሕጋዊ ሰውነታቸውን አጥተው ነበር። ይህም ማለት ማኅበሩ እንደ ማኅበር መሬት ለመግዛት፣ ቤት በስሙ ለማስመዝገብ፣ ስጦታ ለመቀበል ወይም በፍርድ ቤት ለመቆም አይችልም ማለት ነው። ገዳማትና እርሻዎቻቸው ወደ መንግሥት ገቡ፤ ብዙው መሬት በጨረታ ተሸጠ፤ ብዙ ገዳማት የወታደር ሰፈር፣ ትምህርት ቤት ወይም ወኅኒ ቤት ሆኑ። የቁምስና አብያተ ክርስቲያናት ከመዘጋት ቢተርፉም አዲስ የማይንቀሳቀስ ንብረት ወይም ስጦታ ለመቀበል የመንግሥት ፈቃድ ያስፈልግ ነበር። በ1890 የወጣው ሌላ ሕግ ደግሞ የበጎ አድራጎት ድርጅቶችን በመንግሥት ቍጥጥር ሥር አገባቸው።

በዚያ ዘመን ካቶሊካውያን የሕግ ሰዎች ያገኙት መውጫ አንድ ነበር። ማኅበሩ ሊይዘው የማይችለውን ንብረት ታማኝ ግለሰቦች እንደ ግል ሀብታቸው በስማቸው ይይዙታል። መንገዱ ሕጋዊ ነው፤ ነገር ግን ሦስት አደጋዎች አሉበት። ባለስሙ ሲሞት ወራሾቹ ንብረቱ የአባታችን ነው ሊሉ ይችላሉ። ባለስሙ ዕዳ ቢኖርበት ገንዘብ ጠያቂው በንብረቱ ላይ ሊመጣ ይችላል። ከሁሉ የሚከፋው ሦስተኛው ነው፤ ባለስሙ ራሱ ቀስ በቀስ አደራውን እንደ ሀብቱ መቍጠር ሊጀምር ይችላል። ለዚህ ለሦስተኛው አደጋ በሕግ መጽሐፍ ውስጥ መድኃኒት አይገኝለትም።

የፖምፔም ሥራ በዚህ ሁኔታ ላይ ቆሞ ነበር። በድኾች ሶልዶ የተገነባው ሁሉ በሕግ ፊት የጠበቃውና የባልቴቲቱ ነበር። ስለዚህም ሐሜት መነሣቱ አልቀረም። ያላገባ ወንድና ባል የሞተባት ሴት አብረው ገንዘብ ሲሰበስቡ፣ አብረው መሬት ሲያስተዳድሩ የሚያይ ብዙ ተናገረ። ር.ሊ.ጳ. ሊዮን 13ኛ ለሐሜቱ በር እንዳይከፈት እንዲጋቡ መከሯቸው። ሁለቱም በአፕሪል 1 ቀን 1885 በተክሊል ተጋቡ፤ እንደ ወንድምና እኅት በንጽሕና ለመኖርም ተስማሙ። በዚህ ዓይነት የአንድ ሥራ ሁለቱ መጋቢዎች በአንድ ቤት ሆኑ።

የእስረኞች ልጆች

ገንዘቡ የዋለበትን ስፍራ ያላየ ሰው ሎንጎን ሕንፃ ወዳድ ሊለው ይችላል። እርሱ ግን ቤተ መቅደሱ ገና ሳይፈጸም በ1887 ወላጅ የሌላቸው ሴቶች ልጆች ማሳደጊያ ከፈተ። ለሠራተኞች መኖሪያ ቤቶች አሠራ፤ ፖስታ ቤትና የባቡር ጣቢያ እንዲቋቋሙ ደከመ። ረግረግ በነበረው ሸለቆ አዲስ ከተማ ተቈረቈረ።

ከሥራዎቹ ሁሉ ድፍረት የሚጠይቀው በ1892 የተከፈተው የእስረኞች ወንዶች ልጆች ቤት ነበር። በዚያን ጊዜ ቼዛረ ሎምብሮዞን የመሳሰሉ ስመ ጥር ሊቃውንት ወንጀለኛ ከተፈጥሮው ወንጀለኛ ሆኖ ይወለዳል ብለው ያስተምሩ ነበር። በዚህ አስተሳሰብ የነፍሰ ገዳይ ልጅ ቢማርም ባይማርም መጨረሻው ያው ወኅኒ ነው። ሎንጎ የሕግ ሰው በመሆኑ ፍርድ ቤት አባትን ሲቀጣ ልጁን ማን እንደሚያሳድገው ሕጉ እንደማይጠይቅ ያውቅ ነበር። ከሳይንቲስቶቹ ጋር በቃል ከመከራከር ይልቅ ልጆቹን ወሰደ። የማተሚያ ሥራ፣ ልብስ ስፌት፣ ጫማ ሥራ፣ አናጢነትና ሙዚቃ እንዲማሩ አደረገ፤ አባቶቻቸውም በወኅኒ ሆነው የልጆቻቸውን ደብዳቤ እንዲያገኙ ተጋ። ልጆቹ አድገው ሠራተኞችና የቤተሰብ ኃላፊዎች ሲሆኑ ማስረጃውን ለዓለም አሳየ። ለእስረኞች ሴቶች ልጆች የሚሆነው ቤት ደግሞ በ1922፣ እርሱ 81 ዓመት ሲሆነው ተጀመረ። ልጃገረዶቹን የሚያሳድጉትን የፖምፔ መቍጠሪያ ዶሚኒካውያት ደናግል በ1897 የመሠረተውም እርሱ ነው።

እነዚህ ልጆች መኖራቸው የንብረቱን ጥያቄ ይበልጥ አክብዶት ነበር። ሎንጎ በድንገት ቢሞትና ቤቱ በውርስ ክርክር ቢያዝ የሚበተኑት እነርሱ ናቸው። የአደራው ጌቶች እመቤታችንና ሶልዶ የሰጡት ድኾች ቢሆኑም፣ ተጠቃሚዎቹ አባታቸው በእግር ብረት ያለ ሕፃናት ነበሩ።

ስሙን ከሰነዱ ያወጣ ሰው

ብዙ ሰው ሀብት ሲያገኝ ስሙን የሚያጸናበትን ሰነድ ይፈልጋል። ባርቶሎ ሎንጎ ዕውቀቱን የተጠቀመበት ስሙን ለማውጣት ነው። በ1893 የቤተ መቅደሱንና የፖምፔን ሥራዎች ሁሉ ባለቤትነት ለር.ሊ.ጳ. ሊዮን 13ኛ አስረከበ። ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳቱም ስጦታውን ተቀብለው አስተዳደሩን ለእርሱው ተዉለት። ቤተ መቅደሱ በቀጥታ በቅድስት መንበር ሥር ሆነ፤ በ1901ም ጳጳሳዊ ባዚሊካ ተባለ። በዚያው ዓመት በሜይ ወር በምእመናን መዋጮ የተሠራው የፊት ለፊቱ ግንብ ለዓለም ሰላም መታሰቢያ ሆኖ ተመረቀ።

እስከዚህ ድረስ ያለው ለብዙ ቸር ሰው የሚቻል ነው። የከበደው ፈተና በኋላ መጣ። ር.ሊ.ጳ. ሊዮን 13ኛ በ1903 ካረፉ በኋላ ገንዘቡን ያለ አግባብ ያዛል፣ ቤተሰቡን ያበለጽጋል፣ አእምሮውም ደክሟል የሚሉ ክሶች ወደ ር.ሊ.ጳ. ፒዮስ 10ኛ ደረሱ። ሎንጎ ዕድሜው ከ60 አልፎ ነበር። መዝገቦቹ ተመረመሩ። እርሱ ጠበቃ ነው፤ ለመከራከር ቢፈልግ ቃላትም ማስረጃም አያጡትም ነበር። ነገር ግን የሌላውን ሰው መብት በተከራከረበት አንደበት ስለ ራሱ ሥልጣን መከራከርን አልመረጠም። በ1906 እርሱና ባለቤቱ አስተዳደሩንም ጨምረው ለቅድስት መንበር ለቀቁ፤ በእግራቸውም የርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ልዑክ ተተካ። የለመነው ዕጓለ ማውታውና የእስረኞቹ ልጆች እንዳይተዉ ብቻ ነበር።

የሚያስደንቀው ከዚያ በኋላ ያደረገው ነው። ቂም ይዞ ከፖምፔ አልሄደም። ትናንት አለቃ በነበረበት ቤት ዛሬ ታዛዥ ሆኖ ለመጽሔቱ መጻፉን፣ ለልጆቹ መለመኑን፣ ተጓዦችን መቀበሉን ቀጠለ። በሃያ ዓመት ውስጥ ሥራው ሳይናወጥ ሲቀጥል የተመለከቱ ሁሉ የርክክቡን ጥበብ ተረዱ። ሥራው በአንድ ሰው ስምና ጤንነት ላይ ተንጠልጥሎ ቢሆን ኖሮ ከእርሱ ጋር ባረጀ ነበር።

የመጨረሻ ዓመታት

ኮንቴሳ ማርያና በፌብሩዋሪ 9 ቀን 1924 ዐረፈች። ከሞትዋ በኋላ የውርስ ጉዳይ ተነሣ፤ ሎንጎም ለጥቂት ጊዜ ወደ ትውልድ አገሩ ወደ ላቲያኖ ሄዶ ተቀመጠ። ሠላሳ ዓመት አስቀድሞ የፈራው አደጋ በእርግጥ መጣ ማለት ነው፤ ነገር ግን ቤተ መቅደሱና የሕፃናቱ ቤቶች ከግለሰብ ስም ወጥተው ስለ ነበረ ክርክሩ አልደረሰባቸውም። የተነካው የሽማግሌው ዕረፍት ብቻ ነው። በ1925 ወደ ፖምፔ ተመለሰ። በኦክቶበር 5 ቀን 1926፣ በ85 ዓመቱ፣ ባሳደጋቸው ልጆች ጸሎት ተከቦ በሳንባ ምች ዐረፈ። ብዙ ሀብት በእጁ ያለፈ ይህ ሰው ሲሞት የሚያወርሰው ንብረት አልነበረውም። በ1928 ሸለቆው ራሱን የቻለ ማዘጋጃ ቤት ያለው የፖምፔ ከተማ ሆነ። ዐፅሙም በሠራው ቤተ መቅደስ ውስጥ ይገኛል።

ር.ሊ.ጳ. ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ በ2002 ስለ መቍጠሪያ ባወጡት ሐዋርያዊ መልእክት ውስጥ ስሙን አንሥተው አርአያነቱን መስክረዋል፤ በኦክቶበር 7 ቀን 2003ም የመቍጠሪያውን ዓመት ለመዝጋት ራሳቸው ወደ ፖምፔ ሄደዋል። መታሰቢያው የሚውልበት ኦክቶበር 5 ቀን በእኛ አቈጣጠር መስከረም 25 ነው። እመቤታችንን በማኅሌትና በአበባ ምሳሌ የምናመሰግንበት ዘመነ ጽጌ የሚጀምርበት ዋዜማ በመሆኑ በዓሉ ለእኛም ቅርብ ነው።

ለቁምስናዎቻችን የሚሆን ትምህርት

ከዚህ ሕይወት የምንማረው ብዙ ነው፤ ለቁምስና ምክር ቤቶችና ለትምህርተ ክርስቶስ መምህራን ግን ሦስቱን ነጥቦች ማስታወስ ይበቃል።

አንደኛ፣ የቤተ ክርስቲያን ንብረት መነሻው ምጽዋት ነው። አዳራሹ፣ ትምህርት ቤቱ፣ ክሊኒኩ፣ የመቃብሩ ስፍራ ሳይቀር ከአንድ ድኻ ሶልዶ ጀምሮ የተጠራቀመ ነው። ስለዚህ ቍልፉን የያዘው ሰው ባለቤት አይደለም። ሁለተኛ፣ ቅን ልብ ብቻውን አይበቃም፤ ሰነድ ያስፈልጋል። ሎንጎ ኅሊናው ንጹሕ ስለሆነ ብቻ ጉዳዩን በእንጥልጥል አልተወውም። ይዞታው በማን ስም እንደ ተመዘገበ፣ ውሉ የት እንደሚቀመጥ፣ ሒሳቡን ማን እንደሚመረምር በሕይወት ሳለን መወሰን ለሚተኩን ሰዎች የምናሳየው ፍቅር ነው። ሦስተኛ፣ ሥራን መጀመር ጸጋ እንደ ሆነ ሁሉ ማስረከብም ጸጋ ነው። ለብዙ ዓመታት የደከሙበትን ሥልጣን ያለ ቂም ለቅቆ በዚያው ቤት እንደ ታናሽ ማገልገል ከሕንፃው ሁሉ የሚበልጥ ግንባታ ነው።

ባርቶሎ ሎንጎ በወጣትነቱ ቤተ ክርስቲያንን ለማፍረስ ከተሰለፉት ጋር ቆሞ ነበር። እግዚአብሔር ያንኑ የሕግ ዕውቀት፣ ያንኑ የክርክር አንደበት ወስዶ የድኾችን መዋጮ የሚጠብቅ አጥር አደረገው። ዕድሜያችንን በየትኛውም ሞያ ብናሳልፍ፣ በጽሕፈት ቤትም ሆነ በእርሻ፣ ሞያችን ለአደራ የሚሆንበትን መንገድ ቢያሳየን እርሱን በጸሎት እንለምን። የቅዱስ ባርቶሎ ሎንጎ አማላጅነት ከሁላችን ጋር ይሁን፤ አሜን።